ብል ያጠፋል

በ1959 ዓመተ ምሕረት ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። ዘጠኝ የምለው እናቴ «ማርታን ጡት ባስጣልኩ በዓመቱ ነው የወለድኩህ» ትለኝ ስለነበር ነው እንጂ የጻፈልኝ ሰው የለም። ታላቅ እህቴ ማርታ አሥራ ሁለት ነኝ ትል ነበር። እሷም እውነቷን ይሁን እንጃ።

ባለፈው ሳምንት የልጅ ልጄ ከሆሳዕና በሚኒባስ አሳፍሮ ዶዮገና ወሰደኝ፣ የድንች ማከማቻውን ላሳይህ ብሎ። በሩን ገና ሲከፍተው ሽታው ፊቴን መታኝ። እርጥብ አፈር ይሸታል፣ ከሥሩ ደግሞ ጣፈጥ የሚል የብስባሽ ነገር አለ።

«ድንችህ ውስጥ ትል አለ» አልኩት።

«ኧረ የለም አባባ፣ ትናንት ነው ያየሁት።»

«አለ።»

ከሦስተኛው መደዳ አንዱን አንስቶ በቢላ ሰነጠቀው። አለ። ልጁ ለትሉ ከባለሙያዎች የሰማው ስም ነበረው፤ ስሙን ነገረኝ፣ እኔ አልያዝኩትም። እኔ ያንን ትል የማውቀው ገና ቅጠል ውስጥ ሳለ ነው። የምጽፈውም ስለዚያ በልግ ብቻ ነው፤ ሌላው ሕይወቴ ለማንም አይጠቅምም።

ቤታችን አባቶቻችን ዋቸሞ ከሚሏት ከሆሳዕና ወጣ ብሎ፣ ወደ ዶዮገና በሚወስደው መንገድ ላይ ነበር። በዚያ ዓመት እንሰታችን ገና ልጅ ነበር። ካቻምና በሽታ ገብቶበት የደረሰውን ሁሉ ነቅለን ቀብረናል። እናቴ የዚያን በሽታ ስም በአፏ አልጠራችም። «እንግዳው» ነበር የምትለው። ማርታ አንድ ቀን ስሙን ብትጠራው በማማሰያ እጇን መታቻት። «ስሙን ከጠራሽው ይሰማሻል፤ የጠራሽው ይመስለዋል» አለቻት። እኔም ይህን በልቤ ያዝኩ።

እንሰቱ እስኪደርስ የምንኖረው በድንች ነበር። በልግ የተከልነውን በግንቦት አውጥተን ግማሹን እንበላለን፣ ግማሹን ለክረምት ዘር እናደርጋለን። የክረምቱ ካልተተከለ ከመስከረም በኋላ የምንበላው የለም። አባቴ ይህን ሲናገር ድምፁን ከፍ አያደርግም ነበር። የሚያስፈራኝም ያ ነበር።

የእኔ ሥራ ስንጥቅ መድፈን ነበር። በዚያ በልግ ዝናቡ በመጋቢት ትንሽ ጥሎ ጠፋ። መሬቱ ተሰነጣጠቀ። አባቴ «ድንች ፀሐይ ማየት የለበትም፤ ስንጥቅ ካየህ አፈር አልብሰው» ብሎኝ ነበር። በየጠዋቱ በእጄ አፈር እየፈረፈርኩ ከየግንዱ ሥር አስታቅፋለሁ። ጥፍሬ ሥር የገባው አፈር ቅዳሜ ስታጠብ እንኳ አይወጣም። ጀርባዬን ሲያመኝ አንዳንዱን ስንጥቅ እንዳላየሁ አልፈው ነበር። ይህንንም ልናገረው፤ አልፌያለሁ።

በሚያዝያ አንድ ቀን አንድ ቅጠል ላይ የነጣ ቦታ አየሁ። እሳት የነካው ቆዳ ውሃ ሲቋጥር እንደሚሆነው ነው። ቀጠፍኩና ወደ ፀሐይ አነሣሁት። ብርሃን አሳለፈ። የላይኛው ቆዳ አለ፣ የታችኛውም አለ፣ መሐሉ የለም። ተበልቶ አልቋል። በዚያ ባዶ ቤት ውስጥ ከስንዴ ጢም የማይወፍር፣ ራሱ ጥቁር የሆነ ትል ወዲያና ወዲህ ይላል። ከኋላው የጣለው ቆሻሻ ጥግ ላይ ተከምሯል። ቅጠሉን አገላበጥኩት፤ በር የለውም። በየት ገባ? ቅጠሉ ራሱ የወለደው መሰለኝ። እንዲህ ስስ በሆነ ነገር ውስጥ ቤት ይኖራል ብሎ የነገረኝ ሰው አልነበረም።

ሮጬ ለአባቴ ልነግረው ነበር። አባቴ ገበያ ሄዶ ነበር። ማታ እነግረዋለሁ አልኩ። ማታም ደክሞት መጥቶ ተኛ። ሁለት ቀን እንዲህ አለፈና እሑድ ሆነ። እሑድ የሆነውን ለመናገር መጀመሪያ ስለ ትምህርቱ መናገር አለብኝ።

ቤተ ክርስቲያናችን ግቢ ውስጥ የሣር ክዳን ያለው ዳስ ነበር። መምህር ተክሌ ማክሰኞና ሐሙስ እዚያ ፊደልና አማርኛ ያስተምሩን ነበር። የሆሳዕና ነጋዴ ልጅ ናቸው፤ አማርኛው ከአፋቸው እንደ ውሃ ይወርዳል። እኛ ግን የቤታችን ቋንቋ ሃዲይኛ ነው፤ አማርኛን እንደ ጠጠር እያንዳንዱን ቃል ከመሬት እናነሣለን። በዚያ ሳምንት ያስተማሩን ይህን ነበር፦

«እኔ ብል፣ አንተ ብትል፣ እሱ ቢል!»

እየጮኽን ደገምን። «እኔ ብል» ማለት እኔ ከተናገርኩ ማለት እንደሆነ ገባኝ። ከሃያ ልጅ መጀመሪያ የገባኝ እኔ ነኝ። መምህር ተክሌ ራሴን ዳሰሱኝ። ያ እጅ ነው ያበላሸኝ።

እሑድ መምህር ተክሌ ቆመው ተናገሩ። ንግግራቸው ረጅም ነበር፤ ከአሥሩ ቃል ሦስቱን ብይዝ ነው። ስለ ሰብሳቢ ሰው፣ ስለ ማከማቸት፣ ስለ ሳጥን ይመስለኛል። መጨረሻ ላይ ጣታቸውን አንስተው ቀስ ብለው፣ እያንዳንዱን ቃል ለብቻው እያስቀመጡ፣

«ብል… ያጠፋል» አሉ።

ገባኝ! ሙሉውን ገባኝ! ብል፣ እኔ ከተናገርኩ፤ ያጠፋል፣ ያ ነገር ያጠፋል። አስተርጓሚው ተነሥቶ በሃዲይኛ ማስረዳት ሲጀምር ጆሮዬን በጣቴ ደፈንኩ። የእኔን መተርጎም ምን አስፈለገ? እናቴም ስለ እንግዳው የምትለው ይህንኑ አይደል? ቤትም ቤተ ክርስቲያንም አንድ ነገር ካሉ ነገሩ እርግጥ ነው። ቅጠል ውስጥ ያለውን ትል ከተናገርኩ ድንቹን ያጠፋል። ካልተናገርኩ ምናልባት ይተወናል።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አፌን ዘጋሁ።

«ዴሌቦ፣ ድንቹ እንዴት ነው?» ይለኛል አባቴ።

«አፈር አልብሼዋለሁ።»

«እሱን መች ጠየቅኩህ? ቅጠሉ እንዴት ነው?»

«አረንጓዴ ነው።»

ማርታ ታየኛለች። «ይሄ ልጅ ምላሱን ዶሮ በላችበት እንዴ?» ትላለች። «ድዳው» ብላ ስም አወጣችልኝ። እኔ ግን ከእሷ ስድብ ይልቅ ቃል እንዳያመልጠኝ ነበር የምፈራው። ሲያስነጥሰኝ እንኳ አፌን እይዝ ነበር።

የነጡት ቅጠሎች በዙ። መናገር ባልችል መልቀም እችላለሁ አልኩ። ቀን ቀን ሰው ሳያየኝ የታመመውን ቅጠል እየቀጠፍኩ በሸሚዜ ውስጥ ከትቼ ወንዝ እወስዳለሁ። ቅጠሉ ሆዴን ያሳክከኛል። ትሉ በቆዳዬ በኩል የሚገባ ይመስለኝና ወንዙ ዳር ቁጭ ብዬ ሆዴን ወደ ፀሐይ አዙሬ አያለሁ፣ ብርሃን ያሳልፍ እንደሆነ።

አባቴ የተመለመለውን ድንች አየ። «ፍየሏ ናት!» አለ። ፍየላችንን ከቤት ጀርባ አሰራት። ቀኑን ሙሉ ትጮኻለች። ምንም አላልኩም። በስድስተኛው ቀን አሳዝናኝ መልቀም ተውኩ፤ አባቴም ቅጠሉ መመልመሉ ሲቆም «ጠረጠርኩ እኮ!» አለና ጥፋቷን አረጋግጦ ለቀቃት።

ሲመሻሽ በድንቹ መሐል ሳልፍ አመድ የመሰሉ ጥቃቅን ነገሮች ከቅጠሉ ሥር ብር ይላሉ። ማርታና እኔ ቢራቢሮ ነው ብለን በነጠላዋ እናሳድዳቸው ነበር። በዚያ ሁሉ ጭንቀት የሳቅኩት ያኔ ብቻ ነው። በሳቄ መሐል የማሳድዳት የትሉ እናት መሆኗን ማን ይንገረኝ?

ግንቦት ሲያልቅ ድንቹን አወጣን። ብዙው ደህና ነው። አንዳንዱ ግን ዓይኑ ላይ ቀዳዳ አለው፤ በቀዳዳው አፍ ላይ እንደ ጥቁር ዱቄት ያለ ነገር ወጥቷል። አባቴ አንዱን አንስቶ አየው።

«የአፈር ትል ነው፤ መቼም አይጠፋም» ብሎ ወረወረው።

ሌላውን ሳያይ ለዘር ለየ። በጆንያ ሞላን። ወደ ጋሽ ላፌቦ ቤት ልንወስደው ነው።

ጋሽ ላፌቦ ጎረቤታችን ናቸው። አባቴ ያለ እሳቸው ምክር በሬ አይጠምድም ነበር። ቤታቸው ረጅም ስለሆነ፣ ምድጃቸውም ጢሱን ወደ ላይ ስለሚልክ፣ ከእኛና ከእሳቸው ጋር አሥራ አንድ ቤት የዘር ድንቹን የሚያስቀምጠው እሳቸው ቆጥ ላይ ነበር። ቆጡ የቀርከሃ ርብራብ ነው። እያንዳንዱ ቤት ድርሻውን በቃጫ ገመድ ይከልላል። ይህ የእነ እገሌ፣ ያ የእነ እገሌ። ገመዱን የሚሻገር እጅ አልነበረም። ትል ግን ገመድ ያውቃል?

የእኛ ድንች መሐል ላይ ተዘረጋ።

ጋሽ ላፌቦ ጉልበታቸውን ያማቸዋል። መሰላል መውጣት አይችሉም። «ይህ ዝምተኛ ልጅ ይውጣልኝ፤ ለፍላፊ ልጅ ቆጥ ላይ ሲጫወት ይወድቃል» አሉ። በየሳምንቱ ዓርብ እየወጣሁ ድንቹን አገላብጣለሁ። እሳቸው ከታች በርጩማ ላይ ተቀምጠው አንገታቸውን ያቀናሉ።

«እህ፣ ዴሌቦ፣ ምን ታያለህ?»

«ድንች።»

«ድንች መሆኑንማ እኔም ሳልወጣ አውቃለሁ!» ይስቃሉ። «በቅሏል ወይ?»

«ጨለማ ነው።»

በመጀመሪያው ዓርብ ያ ዱቄት በእኛ ክልል ብቻ ነበር። በሁለተኛው የጎረቤታችን የጋሽ ሄራሞ ክልል ውስጥ አየሁት። በሦስተኛው ሳገላብጥ አንዱ ድንች እጄ ላይ ፈረሰ። ውሃ ሆነ። ሽታው ጉሮሮዬ ውስጥ ገባ። አመድ የመሰሉት ነገሮች በፊቴ ላይ ብር አሉ፣ አንዷ ከንፈሬ ላይ አረፈች። አፌን አልከፈትኩም።

«ምን ይሸታል?» አሉ ከታች።

እጄን ሱሪዬ ላይ ጠረግኩ።

«ዴሌቦ! አንተን እኮ ነው! ምን ይሸታል?»

«አይጥ ነው መሰለኝ።»

ወርጄ መሰላሉ ሥር ቆምኩ። ጋሽ ላፌቦ ከእሳት የወጣ ትኩስ ድንች ልጠው ጨው ነስንሰው ሰጡኝ፤ ለድካሜ ነው። አልዋጥልህ አለኝ። በጉንጬ ይዤ ወጥቼ አጥሩ ሥር ተፋሁት። በልቤ እቆጥራለሁ፦ ለተከላ አራት ሳምንት ቀርቷል። አንድም ቃል አልተናገርኩም፣ ግን ያጠፋል። ሳልናገር ለምን ያጠፋል? በህልሜ ተናግሬ ይሆን? ማርታን «እኔ ስተኛ እናገራለሁ?» ብዬ ጠየቅኳት።

«አንተ? ነቅተህም አትናገር!» አለችኝ።

በሰኔ አጋማሽ፣ በሚቀጥለው ሐሙስ፣ መምህር ተክሌ ሊፈትኑን መጡ። ዝናብ እየጣለ ነው፤ ዳሱ ያፈሳል። «ብል የሚል ቃል ያለበት ዐረፍተ ነገር ስጡኝ» አሉ። አንዱ ልጅ ተነሥቶ «እኔ ልብላ ብል እናቴ ትመታኛለች» አለ። ሁሉም ሳቀ። መምህር ወደ እኔ አዩ።

«ዴሌቦ።»

ተነሣሁ። ሌላ የማውቀው ዐረፍተ ነገር የለኝም።

«ብል ያጠፋል» አልኩ።

«ጎበዝ! እሱስ ልክ ነው። ግን የአንተ ሌላኛው ብል ነው። እኔ የጠየቅኳችሁ ‹እኔ ብል› የሚለውን ነው።»

«ሌላኛው ብል?»

«አዎ፣ ልብስ የሚበላው።» የኮታቸውን ኮሌታ ገልብጠው ቀዳዳ አሳዩን። «ይህን የበላው ነው ብል። እናቲቱ አመድ የምትመስል ትንሽ የእሳት እራት ናት። እሷ እንቁላል ትጥላለች፣ ልጇ ትል ሆኖ ይበላል።»

አመድ የምትመስል። ልጇ ትል።

«መምህር፣ እና… ሰው ቢናገር አያጠፋም?»

«ሰው ምን ቢናገር?»

«ትሉን። ትል አለ ብሎ ቢናገር።»

መምህር ተክሌ አልገባቸውም። «መናገሩ ምኑን ያጠፋል አንተ?» ብለው ሳቁ፤ ልጆቹም አብረው ሳቁ።

ከዳሱ ወጥቼ ሮጥኩ። ጭቃው አንድ እግር ጫማዬን አስቀረው፤ ተመልሼ አላነሣሁትም። ጋሽ ላፌቦ በራቸው ላይ ዝናቡን ያያሉ።

«ጋሼ፣ ድንቹ ውስጥ ትል አለ።»

«የትኛው ድንች?»

«ቆጡ ላይ ያለው። የእኛ። የጋሽ ሄራሞም። የሁሉም መሰለኝ። በሚያዝያ ቅጠል ውስጥ አይቼዋለሁ። አልተናገርኩም። ሽታው አይጥ አይደለም።»

ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ አልኩት። ለሁለት ወር የያዝኩት ነው፣ ሲወጣ አላቆም አለ። ስለ ብልም ነገርኳቸው። ጋሽ ላፌቦ አልሳቁም። «ውጣና አንድ ቅርጫት አውርድልኝ» አሉ።

አወረድኩ። በቢላ ሰነጠቁ። አንዱ፣ ሁለተኛው፣ ሦስተኛው። በየድንቹ ውስጥ ጠማማ መንገድ አለ፣ በመንገዱ ጫፍ ሮዝ የመሰለ ወፍራም ትል። ቢላውን አስቀመጡና እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ።

አባቴ ተጠራ። እስኪመሽ ሦስታችን ለየን። ከየአራቱ ቅርጫት አንዱ ቢተርፍ ነው። የተበላውን ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍረን ቀበርን። ደህናውን ከባህር ዛፍ ቅጠል ጋር እየደረብን መልሰን ዘረጋን፤ ጋሽ ላፌቦ ሽታውን ነፍሳት አይወዱትም አሉ። አባቴ አልመታኝም። አለመምታቱ ነበር ያስፈራኝ። መጨረሻ ላይ እጁን ሲታጠብ፣

«ፍየሏም አንተ ነበርክ?» አለኝ።

«አዎ።»

«እህ» አለ።

ጋሽ ላፌቦ አባቴን ወደ በሩ ወሰዱት፤ ግን ይሰማኛል። «ትል ገባ ብለን እንነግራቸዋለን። ገና ሦስት ሳምንት አለ፣ ሰዎቹ ከዘመድ ዘር ይፈልጋሉ። ልጁ ማወቁን ግን እዚሁ እንተወው። በዚህ ዓመት የሚራብ ቤት ካለ ረሀቡን በዚህ ልጅ ስም ይጠራዋል። ያ ስም ዕድሜውን ሙሉ አይለቀውም።»

አባቴ ወደ እኔ ዞረ። «ሰማህ? ማንም ቢጠይቅህ አላውቅም በል።»

«እሺ» አልኩ።

ጋሽ ላፌቦ ደግ ሰው ነበሩ፤ አባቴም ለእኔ አስቦ ነው። ዛሬም አልከሳቸውም። ግን ወደ ቤት ስንሄድ ያሉኝን አሰብኩት። እንደገና ዝም በል ነው። ሁለት ወር ሞክሬዋለሁ፤ አውቀዋለሁ።

በማግስቱ ጠዋት አባቴ ከብቶቹን ሊያወጣ ሲሄድ በአጥሩ ቀዳዳ ወጣሁ። ዝናቡ አባርቶ ነበር። አንድ እግሬ ባዶ ነው። መጀመሪያ ጋሽ ሄራሞ ቤት ሄድኩ፤ ቁጡ ሰው ናቸው፣ እሳቸውን ካለፍኩ ሌላው ይቀላል ብዬ ነው። አፋቸውን እየተጉመጠመጡ በር ላይ አገኘኋቸው። ውሃውን ተፉ።

«አባትህ ነው የላከህ?»

«አይደለም። እኔ ነኝ የመጣሁት። ጋሽ ላፌቦ ቆጥ ላይ ያለው የዘር ድንቻችሁ በትል ተበልቷል። ከእኛ ድንች ነው የተነሣው። ለክረምት ሌላ ዘር ፈልጉ። እኔ አውቅ ነበር፤ አልተናገርኩም።»

ጋሽ ሄራሞ ጣሳውን በእጃቸው እንደያዙ ቀሩ።

«ታውቅ ነበር? ከመቼ ጀምሮ?»

«ከሚያዝያ።»

እጃቸው ተነሣ። አልሸሸሁም፤ ዓይኔን ጨፍኜ ጠበቅኩ። ምንም አልመጣም። ዓይኔን ስገልጥ እጃቸው እዚያው አየር ላይ ነው፣ አፋቸው ክፍት ነው።

«ጋሼ፣ የሚመቱኝ ከሆነ ቶሎ ይምቱኝ» አልኳቸው። «ገና ስምንት ቤት ይቀረኛል።»